የሽንብራው ሂማላያ

ወንድሜ ስጦታው መሞቱን የቢቸና ሰው ሁሉ ሲያውቅ የማናውቅ ሁለት ብቻ ነበርን፤ እናቴና እኔ። እኔስ ሥራ ላይ ነበርኩ። ተራራ እያጠናሁ ነበር።

ስድስተኛ ክፍል ነኝ። መጋቢት ነው፤ ሁዳዴ አጋምሷል። ሞጣ ላይ የትምህርት ቤቶች የጥያቄና መልስ ውድድር ይደረጋል ተብሏል፤ ከእኛ ትምህርት ቤት ለኅብረተሰብ ትምህርት የተመረጥኩት እኔ ነኝ። ተጠባባቂዬ ይታያል የሚባል የክፍላችን ልጅ ነው። ይታያል በእውቀት ይበልጠኛል፤ ግን ሰው ፊት ሲቆም የአባቱ ስም ይጠፋበታል። መምህራችን ቲቸር ሰማው፣ "ሞጣ ጥያቄ የሚያወጣው ሰውዬ አብሮኝ የተማረ ነው፤ ተራራ ይወዳል" ስላለን የዓለምን የተራራ ሰንሰለቶች ከነአገራቸው መሸምደድ ነበረብኝ። ቲቸር ሰማው ራሱ ከጮቄ በቀር ተራራ አይቶ አያውቅም። ጮቄንም አይወደውም፤ ይበርደዋል።

የማጠናው ከግድግዳ ላይ ነበር። በክፍላችን አንዱ ግድግዳ ላይ ከጫፍ እስከ ጫፍ የዓለም ካርታ ተሥሎበታል። የሣለው ሰው ሙያው ቤተ ክርስቲያን መሣል ስለነበረ ካርታው የሚጸልይ ይመስላል። ደቡብ አሜሪካ አንገቱን የደፋ ሰማዕት ነው። የሂማላያ ጫፎች ዙሪያቸውን ቢጫ አክሊል አላቸው። ግድግዳው ላይ ደግሞ አንድ መስኮት አለ። ሠዓሊው ዓለምን ከግራ ጀምሮ እየሣለ መጥቶ፣ አፍሪካን ጨርሶ፣ ቀይ ባሕርን ሲሻገር መስኮቱ ላይ ደረሰ። ምን ያድርግ፣ ዘለለውና ከፋርስ ቀጠለ። ስለዚህ እኛ ትምህርት ቤት ዓረብ አገር የለም፤ መስኮት ነው። የእንጨት መዝጊያ አለው። ሲከፈት ኳስ ሜዳው ይታያል፤ አየሩ የጠራ ቀን ደግሞ ከሜዳው ወዲያ ጮቄ።

ስጦታው በየመን በኩል ሳውዲ ሊገባ የሄደ ጊዜ እኔ በሐሳቤ በዚያ መስኮት ዘሎ ሲወጣ ነው ያየሁት። ረጅም ስለነበረ አላስቸገረውም።

ማክሰኞ ዕለት ጋሼ ታዘበው፣ የእናቴ ታናሽ ወንድም፣ ባጃጁን ደጃችን አቁሞ ገባ። እናቴ እህል ነጋዴ ናት፤ ጆንያ እየሰፋች ነበር።

"እታለም፣ ስልክሽን ስጪኝ እስቲ" አላት።

"ምን ሆነ?"

"ሲደወልልሽ አይጠራም። ላሠራልሽ።"

"አሁን ከፀሐይነሽ ጋር አወራሁበት እኮ።"

"እሱ ነው ችግሩ። አንዳንዴ ይሠራል፣ አንዳንዴ እንቢ ይላል።"

እናቴ ስልኩን በእጇ እንደያዘች ፊቱን አየችው። የስልኩን አይደለም፤ የእሱን። ከዚያ ስልኩን በቀሚሷ ጫፍ ጠረገችና ሰጠችው።

"ሲሙንም ይዘኸው ትሄዳለህ አይደል" አለችው።

"አዎ፣ እ... ሲሙም ይታያል።"

"ቻርጀሩንስ?"

"ቻርጀሩ ይቅር" አለ ጋሼ ታዘበው፤ ሲወጣ የበሩን ደፍ ረስቶ ተደናቀፈ።

ወንድም እንዲህ ነው እንጂ አልኩ እኔ በልቤ፤ ሳይጠየቅ የሚያሠራ።

ዛሬ ሞጣ ላይ ስልክ የምጠግን እኔ ነኝ። ማንም አላስተማረኝም፤ የተበላሸውን እየፈታሁ፣ ደኅናውን እያበላሸሁ ለመድኩት። እና አንዳንዴ ሰው ምንም ያልሆነ ስልክ ያመጣልኛል። ድምፁን ዝቅ አድርጎ "እስከ ሐሙስ እዚህ ይቆይ" ይለኛል። ምን ሆኖ ነው ብዬ አልጠይቅም። አጥፍቼው መሳቢያ ውስጥ አስቀምጠዋለሁ።

ያን ዕለት ጋሼ ታዘበው ወደ ጓሮ ጠራኝና ቁጢጥ ብሎ ቁመቴ ላይ ደረሰ።

"ጸዲ፣ ከትምህርት ቤት እንደወጣሽ በቀጥታ ወደ ቤት። እናትሽ ታስጠናሽ። ከአጠገቧ እንዳትነሺ።"

"እሷ ደብተሬን አታነበውም እኮ።"

"በቃልሽ በያት። ገበያ ልሂድ ካለች ጥናቴን አልጨረስኩም በያት። ቤተ ክርስቲያን ልሂድ ካለችም እንደዚያው። ሰው መጥቶ ሹክ ሊላት ከፈለገ መሐል ገብተሽ ተራራሽን በያት።"

"ከዚያስ?"

"ከዚያማ ለሞጣ ጫማ እገዛልሻለሁ።"

ከቤተሰባችን ውስጥ ጂኦግራፊን ከቁም ነገር የቆጠረ የመጀመሪያው ሰው ጋሼ ታዘበው ነው ብዬ አሰብኩ።

ነገሩ እንዲህ ነበር፤ ያወቅሁት ኋላ ነው። ከስጦታው ጋር አብሮ የሄደ የጉንደ ወይን ልጅ ደውሎ ለጋሼ ታዘበው ነግሮታል። መርዶ ግን ወንድም ብቻውን ገብቶ የሚነግረው ነገር አይደለም። አያቴ አባባ አካለ ወልድ ሞጣ ናቸው፤ ቄስ ናቸው፤ የእናቴ አባት ናቸው። እሳቸው ሳይመጡ አፉን የሚከፍት የለም። እሳቸው ደግሞ ወገባቸው ይዟቸው አልጋ ላይ ናቸው። ስለዚህ ወገባቸው እስኪለቃቸው ድረስ እናቴ ምንም መስማት የለባትም። ገበያ ላይ አንዲት ሴት እናቴን አይታ "ወይኔ አስናቀች" ብላ ከጀመረች አለቀ። አጥር ሆኜ የተተከልኩት እኔ ነበርኩ።

በማግስቱ ጎረቤታችን እትዬ ፀሐይነሽ አንድ ጆንያ ምስር አስጎትታ መጣች።

"አስኑ፣ ይሄን የማኅበር ምስር ልቀሚልኝ እስቲ። ዓይኔ እንቢ ብሎኛል።"

"ማኅበርሽ ባለፈው አልነበረም?"

"የሌላ ማኅበር ነው።"

እናቴ ሰፌዷን አወረደችና መልቀም ጀመረች። እኔም መሬት ላይ ቁጭ ብዬ ዓለምን መሥራት ጀመርኩ። በቃሌ ብቻ ሲሆን እናቴን እንቅልፍ እንዳይወስዳት ፈራሁ፤ ስለዚህ ከጆንያዎቿ እያፈስኩ ወለሉ ላይ ተራራ ከመርኩ። ሌላ ጊዜ አንድ ፍሬ ሽንብራ ባንጠባጥብ ጆሮዬን የምትቆነጥጥ ሴት ያን ሳምንት ዝም ብላ አየችኝ። አንዲስን በባቄላ፣ ከመደቡ ሥር እስከ ምሰሶው ድረስ። ሮኪን በአተር። ኡራልን በጓያ፤ ብዙም አላምርልኝ አለ። ሂማላያን በሽንብራ፤ ለእሱ አልሰሰትኩም፤ ከጉልበቴ በላይ ሆነ።

"ይሄ ረጅሙ የቱ ነው?" አለች እናቴ ከሰፌዱ ቀና ሳትል።

"አንዲስ። ደቡብ አሜሪካ ነው፤ በምዕራብ ዳር ዳሩን። ከቬንዙዌላ እስከ ቺሊ ይደርሳል።"

"ሰው አለበት?"

"አለበት። ድንች ያመርታሉ።"

"እንደ ጮቄ ሰዎች በይኛ። ሌላስ?"

"ሮኪ። ሰሜን አሜሪካ፤ ከካናዳ ይነሣል።"

"ሌላስ?"

"አትላስ። ሞሮኮ፣ አልጄሪያ፣ ቱኒዚያ።"

"ሌላስ?"

"ካውካሰስ። በጥቁር ባሕርና በካስፒያን ባሕር መሐል።"

ጠጠር ታገኛለች፤ በአውራ ጣቷ ገፍታ ወደ ውጭ ትወረውራለች፤ "ሌላስ?" ትላለች። ሲያልቅብኝ ከአንዲስ እጀምራለሁ። መደገሜን ያስተዋለች አይመስለኝም ነበር። እናቴ ተራራ ትወዳለች አልኩ፤ እስከ ዛሬ የሚነግራት ጠፍቶ ነው።

ሰዎች መምጣት አበዙ። ገብተው ይቀመጣሉ፤ ወለሉን ያያሉ፤ እግራቸውን ሰብስበው በአልፕስና በካርፓቲያን መሐል ይረግጣሉ። "ጎበዝ ልጅ ነች" ይላሉ። "አዎ ጎበዝ ነች" ይላል ሌላው። እትዬ ፀሐይነሽ ድራከንስበርግ ላይ አለቀሰች። ደቡብ አፍሪካና ሌሶቶ ነው የሚገኘው ብዬ ሳልጨርስ ነጠላዋን አፏ ውስጥ ጎሰረች።

"ምነው?" አለቻት እናቴ።

"ስሙ ከበደኝ" አለች እትዬ ፀሐይነሽ።

"ከባድ ስም ነው" አለች እናቴ፤ ጠጠሯን ወረወረች።

አንድ ቀን ጋሼ ታዘበው ከአጥሩ ወዲያ ቆሞ በስልክ ሲያወራ ሰማሁት። "ወገባቸው እንዴት ዋለ? ... እሺ በቅቤ ታሽተው... ሁዳዴ ነው አሉ? ... በኑግ ዘይትም ይሁና... እሑድ ከገቡልን ሰኞ ሲነጋ እንገባለን። ... አልሰማችም። ልጅቷ ይዛልናለች።" ምን እንደያዝኩላቸው አልገባኝም፤ ግን መያዜን ወደድኩት። ውድድሩ ሰኞ ነው። ከሞጣ ሰው መጥቶ ሊወስደኝ ነው ማለት ነው። አያቴም በወገባቸው መጥተው ሊያዩኝ ነው። እንዲህ ያለ ክብር ለስድስተኛ ክፍል ተማሪ መደረጉ ትንሽ አሳፈረኝ።

ትምህርት ቤትም ለሁሉም ሰው ጠባይ ወጥቶለት ነበር። ኡራልን ተሳስቼ አፍሪካ ውስጥ ስከተው ቲቸር ሰማው "ቅርብ ነው፣ ቅርብ ነው" አለኝ። በዚያው ሳምንት ይታያልን ለብቻው ሲያስጠናው አገኘሁት።

"ምን ታደርጋለህ?" አልኩት ይታያልን።

"ምንም።"

"ተጠባባቂ ነህ እኮ አንተ።"

"አንቺ ሞጣ አትሄጂም" አለኝ። ጆሮው ቀላ። "እኔ ነኝ የምሄደው።"

"ማን አለህ?"

"ማንም።"

ቀናተኛ አልኩት፤ ገፋሁት፤ ከግድግዳው ደቡብ አሜሪካ ሥር ወደቀ። ሌላ ጊዜ ይመታኝ ነበር። ተነሥቶ ልብሱን አራገፈና ግማሽ ዳቦውን ሰጠኝ። ዳቦውን በላሁት፤ ቀናተኛነቱን ግን አልተውኩለትም።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ ቤት ውስጥ እናቴና እኔ ብቻ ነበርን። ምስሩ አልቆ ነበር፤ እትዬ ፀሐይነሽ ሌላ ጆንያ አምጥታ ነበር። እናቴ ጥቂት ለቀመች። አንድ ጠጠር በጣቶቿ ይዛ ወደ በሩ ብርሃን አዞረችው፤ አንድ ጎኑ ነጭ ነው።

"ይህችን ጠጠር ትናንት ጥያት ነበር" አለች።

ነገሩ አልገባኝም። እትዬ ፀሐይነሽ የተለቀመውን ምስር ወስዳ ጠጠሩን ከደጅ ለቅማ መልሳ ትቀላቅልበት እንደነበረ የሰማሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ምን ታድርግ፤ ከዚያ በላይ ምስር አልነበራትም።

እናቴ ጠጠሯን ወደ ደጅ ወረወረቻትና ቀጠለች። ከዚያ እንዲህ አለችኝ፤

"ሳውዲስ? ሳውዲ ተራራ የላትም?"

"የላትም።"

"በምን አወቅሽ?"

"እዚያ መስኮት ነው።"

"የምን መስኮት?"

የትምህርት ቤቱን ካርታ ነገርኳት። ሠዓሊው እንዴት እንደዘለለው፣ ኳስ ሜዳው እንዴት እንደሚታይ። እጇ ሰፌዱ ላይ ቆመ፤ ያን ሳምንት እጇ ሲቆም ያየሁት ያኔ ነው።

"ይከፈታል?"

"ይከፈታል። ቲቸር ሲሞቀው ይከፍተዋል።"

"እና ከየመን ተነሥቶ በእግሩ ወደ ሳውዲ የሚሄድ ሰው ተራራ አያገኘውም?"

"አያገኘውም፣ እማ። ሜዳ ነው።"

"ሜዳ ነው" አለች። ቃሉን እንደ ሽንብራ በጥርሷ የሞከረችው መሰለኝ። "እንግዲያ ሜዳ ነዋ። ሌላስ?"

ሰራዋት ይባላል። ከየመን ተነሥቶ የቀይ ባሕርን ዳር ይዞ ወደ ሰሜን የሚዘረጋ ሰንሰለት ነው፤ ከፍተኛው ጫፉም እዚያው የመን ውስጥ ነው። ወንድሜ የቀረው ድንበሩ አካባቢ፣ እዚያ ሰንሰለት ላይ ነው። አንዱ ገደል ነው አለ፤ አንዱ ጥይት ነው አለ። የጉንደ ወይኑ ልጅ "ተራራው ላይ ቀረ" ከማለት ሌላ ቃል አልወጣውም፤ ኋላም ጠይቄው አልወጣውም። መቃብሩ ይኑር አይኑር አናውቅም።

እሑድ ማታ ጋሼ ታዘበው ጫማውን አመጣልኝ። ጥቁር ነው፤ ትንሽ ይሰፋኛል። እንደተጫማሁት ተኛሁ።

ስነቃ ጎሕ ቀድዷል። እናቴ ለብሳ መደቡ ላይ ተቀምጣለች፤ ሰፌዱ ግድግዳው ላይ ተሰቅሏል። በሩ ተንኳኳ። "ግቡ" አለች፤ ማነው አላለችም።

አባባ አካለ ወልድ ናቸው መጀመሪያ የገቡት፤ በአንድ እጃቸው መስቀል፣ በአንድ እጃቸው በትር ይዘዋል፤ ጋሼ ታዘበውና ሌላ ሰው ከግራና ከቀኝ ደግፈዋቸዋል። ከኋላቸው የሞጣ ዘመድ ሁሉ፣ ከእነሱ ኋላ የሰፈሩ ሰው፣ ግቢው ሞልቶ። ሁሉም ነጠላውን ዘቅዝቆ ለብሷል። አለቀልኝ፣ ሊሰሙኝ መጡ አልኩ። ጫማዬን አስተካክዬ ወለሉ መሐል፣ አትላንቲክ ላይ ቆምኩና ቲቸር ሰማው እንዳስተማረኝ እጄን ወደ ኋላ አደረግሁ።

"እንደምን አደራችሁ። የዓለም የተራራ ሰንሰለቶችና የሚገኙበት ቦታ። አንዲስ፣ ደቡብ አሜሪካ።"

ማንም አላስቆመኝም። አባባ በትራቸውን ተደግፈው ያዩኛል፤ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፤ ድምፅ የለውም። ጋሼ ታዘበው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እኔ ዝም ካልኩ ቀጥሎ መናገር ያለበት ማን እንደሆነ ከእኔ በቀር ሁሉም ያውቃል፤ ለዚህ ነው የተውኝ። ሮኪን አልኩ። አትላስን አልኩ። አልፕስን፣ ፒረኒስን፣ ካርፓቲያንን። "ሂማላያ፤ ፓኪስታን፣ ሕንድ፣ ኔፓል፣ ቡታን፣ ቻይና" ስል በሩ አጠገብ የቆመ አንድ የሞጣ ሰው አምልጦት "በርቺ" አለ። ጎኑን ጎሰሙት።

ጨረስኩ። ጭብጨባ የለም። ምናልባት አልበቃቸውም ብዬ "ጮቄ፣ ምሥራቅ ጎጃም" ብዬ ጨመርኩ።

ከዚያ እናቴ ተነሣች። ቀረብ ብላ እጇን ራሴ ላይ አደረገች።

"ጨረስሽ?"

"ጨረስኩ።"

ወደ አባቷ ዞረች። "እንግዲህ ይንገሩኝ፣ አባባ።"

አባባ ያን ሁሉ መንገድ በታመመ ወገብ የመጡት ያንን ቃል ሊናገሩ ነበር። አፋቸውን ከፈቱ፤ አልመጣላቸውም። ከግቢ የእትዬ ፀሐይነሽ ጩኸት ቀደማቸው። ከዚያ ሁሉም በአንድ ጊዜ ገባ። እናቴን ሊይዙ ሲሮጡ በአንዲስ ላይ ሄዱ፤ በኡራል ላይ ሄዱ። አንድ ትልቅ ሰውዬ ሂማላያን በእግሩ ናደውና ሽንብራው አንሸራቶት ወደቀ፤ እዚያው እንደወደቀ ማልቀስ ጀመረ። ማን እንደሞተ ለእኔ የነገረኝ የለም። ከጩኸቱ ውስጥ ስሙን ለይቼ ሰማሁት።

ወደ ሞጣ የሄደው ይታያል ነው። ስሙን አስታውሶ፣ የአባቱንም አስታውሶ፣ አሸንፎ መጣ። ከተራራ አንድም ጥያቄ አልወጣም አሉ።

የማናውቅ ሁለት ነበርን ብዬ ነው የጀመርኩት። እንደዚያ ነበር የሚመስለኝ። የእትዬ ፀሐይነሽ ባል የሞተ ጊዜ ግን "ስልክሽን ላሠራልሽ" ብሎ የወሰደባት ሰው እናቴ ነበረች። ምስርም ይዛ የሄደች እሷ ናት። ጋሼ ታዘበው ቤታችን ገብቶ እጁን ሲዘረጋ፣ ያ እጅ ምን እንደሆነ ከእሷ በላይ የሚያውቀው አልነበረም። ማነው የሚለውን ብቻ አላወቀችም፤ እሱም ቢሆን ከአገር የወጣ ሌላ ሰው አልነበራትም።

ካደግሁ በኋላ አንድ ቀን ጠየቅኋት። "ለምን ዝም አልሽ? ያኔውኑ ለምን አልጠየቅሻቸውም?"

"ብጠይቅ ይነግሩኝ ነበራ" አለችኝ።

ባለፈው ሰሞን አንድ ሰው ደኅና ስልክ አመጣልኝ። "እስከ ሐሙስ" አለ። እሺ አልኩ፤ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩት። በማግስቱ የስልኩ ባለቤት መጣች፤ ወይንእሸት ትባላለች፤ በመልክ አውቃታለሁ፤ ከመናኸሪያው ጀርባ ድንች ትሸጣለች።

"ስልኬ አልደረሰም?"

"አልደረሰም፣ እትዬ። ዕቃ ይጎድለዋል።"

"ዕቃው ከየት ነው የሚመጣው?"

"ከሩቅ ነው።"

መሳቢያውን አየችው። እኔንም አየችኝ። ሄዳ ሌላ ሰው ብትጠይቅ በአንድ አፍታ ትሰማው ነበር፤ ሞጣ ትንሽ ከተማ ናት። አልሄደችም። በርጩማውን ስባ ተቀመጠች። ከጀርባዬ የግድግዳውን ስንጥቅ ለመሸፈን የለጠፍኩት የዓለም ካርታ አለ፤ ከቀይ ባሕር ወዲያ በእስክሪብቶ የጨመርኩበት ነገርም አለ።

"ያ ቡናማው ምንድን ነው?" አለችኝ።

"ተራራ ነው። አንዲስ ይባላል። ደቡብ አሜሪካ፣ በምዕራብ ዳር ዳሩን።"

"ሌላስ?"

መፍቻዬን አስቀመጥኩ። ሮኪን ነገርኳት፤ አትላስን ነገርኳት፤ ካውካሰስን ነገርኳት። ልጇ ይሁን ወንድሟ፣ የትኛው አገር እንዳለ የነገረኝ የለም። ስለዚህ ጣቴ ከቀይ ባሕር ወዲያ ሲደርስ ሰራዋትን ዘለልኩና ከፋርስ ቀጠልኩ።

"ሌላስ?" አለች ወይንእሸት።